ዲስሌክሲያ ያለባቸውን ታዳጊዎች በትምህርታቸው ለማገዝ፦ ለደሴና ለኮምቦልቻ ወላጆችና መምህራን የተዘጋጀ መመሪያ

ልጁ 8ኛ ክፍል ደርሷል። ሲያወራ አፍ ያስከፍታል። የሰማውን ታሪክ ከነዝርዝሩ ይደግመዋል። ሱቅ ሲላክ ሂሳቡን በቃሉ አስልቶ መልሱን ሳያሳስት ይመጣል። መጽሐፍ ሲሰጠው ግን ሌላ ሰው ይሆናል። ፊደል ላይ ይንፏቀቃል፣ መስመር ይስታል፣ አንድ አንቀጽ ሳይጨርስ "ራሴን አመመኝ" ይላል። ቤት ውስጥ ሰነፍ፣ ክፍል ውስጥ ትኩረት የሌለው ተብሏል። እሱም ከጊዜ ብዛት አምኖታል።

እንዲህ ያለ ልጅ ካላችሁ ወይም ካስተማራችሁ፣ ነገሩ ዲስሌክሲያ ሊሆን ይችላል። ዲስሌክሲያ የአእምሮ ማነስ አይደለም፤ የዓይን በሽታም አይደለም። አእምሮ የቃሉን ድምፅ ከፊደሉ ጋር አገናኝቶ በፍጥነት ማውጣት ሲከብደው የሚመጣ ችግር ነው። አብሮ ይወለዳል፣ በቤተሰብም ይወረሳል። አባትየው ወይም አጎትየው "እኔም ንባብ አይሆንልኝም ነበር" ሲሉ ብትሰሙ አይግረማችሁ።

ችግሩ ለመጀመሪያ ጊዜ በሕክምና መጽሔት ላይ በዝርዝር ሲገለጽ ባለታሪኩ ታዳጊ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1896 ፕሪንግል ሞርጋን የተባለ እንግሊዛዊ ሐኪም ስለ አንድ የ14 ዓመት ልጅ ጻፈ። ልጁ ብሩህ ነው፤ ማንበብ ግን አልቻለም። መምህሩ፣ ትምህርቱ ሁሉ በቃል ቢሆን ኖሮ ከትምህርት ቤቱ ጎበዙ እሱ ይሆን ነበር ብሎ ነበር። ከዚያ ወዲህ ብዙ ተጠንቷል። ዲስሌክሲያ በመድኃኒት አይጠፋም። በትክክለኛ ማስተማር ግን ንባቡ ይሻሻላል፣ ልጁም ይማራል።

ከዚህ በታች የምጽፈው ሁሉ አንድ ሐሳብ ላይ የቆመ ነው። የልጁ ንባብ እስኪስተካከል ድረስ እውቀቱ ቆሞ መጠበቅ የለበትም። ንባቡን በየቀኑ ትንሽ ትንሽ እንገነባለን፤ ትምህርቱን ደግሞ ዛሬውኑ በጆሮው እናስገባለን። ሁለቱ ጎን ለጎን ይሄዳሉ። ብዙ ቤተሰብ የመጀመሪያውን ብቻ ይዞ ልጁ 12ኛ ክፍል ሲደርስ ባዶ እጁን ያገኘዋል።

አንደኛ፦ በእርግጥ ዲስሌክሲያ መሆኑን መርምሩ

መጀመሪያ ዓይኑንና ጆሮውን አስመርምሩ። ደሴ አካባቢ ላለ ሰው ቦሩ ሜዳ ሆስፒታል የዓይን ሕክምና ይሰጣል። መነጽር የሚፈታው ችግር ከሆነ ቶሎ ይታወቅ።

ቀጥሎ ቤት ውስጥ ይህንን ሞክሩ። ልጁ አይቶት የማያውቀውን አንድ ገጽ ከክፍሉ የአማርኛ መጽሐፍ አስነብቡት። ጮክ ብሎ ያንብብ፤ አታርሙት። ሲጨርስ ስለ ገጹ አምስት ጥያቄ ጠይቁት። ከዚያ ከዚያው መጽሐፍ ሌላ ገጽ እናንተ አንብቡለትና አምስት ጥያቄ ጠይቁት። ራሱ ያነበበው ጠፍቶበት የሰማውን ግን ጥርት አድርጎ ከመለሰ፣ ችግሩ የመረዳት ሳይሆን የንባብ ነው ማለት ነው። ይህ ልዩነት ትልቁ ምልክት ነው።

ሌሎችም ምልክቶች አሉ። ከሰሌዳ ሲገለብጥ ሁልጊዜ መጨረሻ ይሆናል። አንድን ቃል በአንድ ገጽ ላይ ሦስት ዓይነት አድርጎ ይጽፋል። የሚያውቀውን ስም ምላሱ ላይ እያለ ያጣዋል። የማባዣ ሠንጠረዥ አይያዝለትም። በአማርኛ ከስህተቱ ይልቅ ዝግታው ይበዛል፤ ፊደላችን ድምፁን በቅርበት ስለሚከተል ቀስ ብሎም ቢሆን ይደርስበታል። በእንግሊዝኛ ግን ስህተቱም ዝግታውም አብረው ይመጣሉ።

እዚህ ላይ ለእኛ አካባቢ የግድ መነሳት ያለበት ነገር አለ። በ2012 ኮሮና ትምህርት ቤት ዘጋ። በ2014 ጦርነቱ ደሴና ኮምቦልቻ ገባ፤ ቤተሰብ ተሰደደ፣ ትምህርት ተቋረጠ። ዛሬ 15 ዓመት የሆነው ልጅ ያኔ ንባቡን ሊያጠነክር በሚገባው ዕድሜ ላይ ነበር። ስለዚህ ደካማ ንባብ ሁሉ ዲስሌክሲያ አይደለም፤ ሳይማር የቀረም ብዙ ነው። መለያው እንዲህ ነው፦ ለሁለትና ሦስት ወር በየቀኑ አስጠኑት። ሳይማር የቀረው ልጅ ፈጥኖ ይነሳል። ዲስሌክሲያ ያለበት ይሻሻላል፤ ግን በጣም በዝግታ፣ ትናንት ያወቀውን ቃል ዛሬ እንደ አዲስ እያየ። ከ2012 በፊትስ እንዴት ነበር? ፊደል ሲቆጥር ከእኩዮቹ ወደኋላ ቀርቶ ነበር? የ1ኛና የ2ኛ ክፍል መምህሩን ካገኛችሁ ጠይቁ።

ባለሙያ ለማግኘት በደሴ መምህራን ትምህርት ኮሌጅ ወይም በወሎ ዩኒቨርሲቲ የልዩ ፍላጎት ወይም የሥነ ልቦና መምህር አፈላልጉ። ነገር ግን የምርመራ ወረቀት እስኪገኝ እጃችሁን አጣጥፋችሁ አትቀመጡ። ከዚህ በኋላ ያሉት እርምጃዎች ሳይማር ለቀረውም ልጅ ይጠቅማሉ እንጂ አይጎዱም።

ሁለተኛ፦ ለልጁ ንገሩት

ታዳጊ ልጅ ስለራሱ የሚደበቅ ነገር ሲኖር ወዲያው ይነቃል። ስለዚህ ቁጭ ብላችሁ በግልጽ ንገሩት። ወንድም እህቶቹ በሌሉበት ይሁን። እንዲህ ማለት ይቻላል፦

"ስማኝ ልጄ፣ አብሽር። ሰነፍ አይደለህም፤ ደደብም አይደለህም። አንተ ያለብህ ነገር ስም አለው፣ ዲስሌክሲያ ይባላል። በዓለም ላይ ብዙ ሰው አለበት። ማንበብ ከሌላው የበለጠ ይከብድሃል፤ ስለዚህ የምናጠናበትን መንገድ እንቀይራለን። እስከ ዛሬ የተቆጣሁህ ስላልገባኝ ነው።"

የመጨረሻዋን ዓረፍተ ነገር አትዝለሏት። ለዓመታት የተሰደበ ልጅ በአንድ ቀን አይለሰልስም፤ ይቺ ግን በሩን ትከፍታለች።

ሴት ልጆችን በተለይ እዩ። ወንዱ ሲከብደው ይረብሻል ወይም ከክፍል ይፎርፋል፤ ስለዚህ ይታያል። ሴቷ ግን ዝም ብላ ከኋላ ትቀመጣለች፣ ደብተሯን አሳምራ ትገለብጣለች፣ አንዲት መስመር ሳታነብ ዓመቱ ያልቃል። ሚኒስትሪ ስትወድቅ ነው ቤተሰብ የሚደነግጠው። ያኔ ደግሞ ወሬው ወደ ዓረብ አገር ጉዞ ወይም ወደ ትዳር ይዞራል። ደብተሯ ስላማረ ብቻ ደህና ናት አትበሉ፤ አስነብቧት።

ሦስተኛ፦ ንባቡን በየቀኑ 20 ደቂቃ ገንቡ

ሃያ ደቂቃ ይበቃል። በሳምንት አንድ ቀን ሁለት ሰዓት ከማፋጠጥ በየቀኑ ሃያ ደቂቃ እጅግ ይሻላል። ሰዓቱ አይቀያየር። ከእራት በፊት ከሆነ ሁልጊዜ ከእራት በፊት ይሁን።

መጀመሪያ ፊደል። ለ15 ዓመት ልጅ የፊደል ገበታ ዘርግቶ "ሀ ሁ ሂ" ማስባል ያሳፍረዋል፤ አያስፈልግምም። ከ33ቱ ፊደላት በሰባት ሰባት ቤት የሚወጡት 231 ቅርጾች ናቸው። አብዛኛውን ያውቀዋል። የሚያደናቅፉትን ብቻ ለዩ። ሲያነብ አጠገቡ ሆናችሁ የሳተውን በትንሽ ወረቀት መዝግቡ። ብዙ ጊዜ በአንዲት ጭረት የሚለያዩት ናቸው፦ ተ እና ቸ፣ ነ እና ኘ፣ ደ እና ጀ፣ ጠ እና ጨ። ወይም ካዕብና ሣልስ ይምታቱበታል፤ "ቡ" የነበረውን "ቢ" ይለዋል። በአንድ ቀን ሁለት ፊደል ብቻ ያዙ። ድምፁን እያወጣ ይጻፈው፤ ዓይኑ፣ አፉ፣ ጆሮውና እጁ አብረው ይሥሩ። አምስት ደቂቃ ለዚህ በቂ ነው።

ቀጥሎ ቃል መፈልቀቅ። የላይኛው ክፍል አማርኛ ልጁን የሚያንቀው በረጃጅም ቃላቱ ነው። "ስለማይመለከታቸው" የሚለውን ውሰዱ። ልጁ ከግራ ጀምሮ ፊደል በፊደል ሲለቅም መሃል ላይ ሲደርስ መጀመሪያውን ረስቶታል። ስለዚህ መሃሉን ይፈልግ፦ "መለከት"፣ ተመለከተ ከሚለው የመጣ ነው። ከሥሩ በእርሳስ ያስምርበት። ከዚያ ፊቱን ይይ፦ "ስለማይ"። ከዚያ ኋላውን፦ "አቸው"። ሦስቱን ለየብቻ ካነበበ በኋላ ይግጠማቸው። "እንዳልተመለሱ" ሲመጣም እንዲሁ፦ መሃሉ "ተመለሱ"፣ ፊቱ "እንደ" እና "አል" ተጋጥመው "እንዳል" የሆኑት ናቸው። እነዚህ የፊትና የኋላ ቁርጥራጮች ብዙ አይደሉም፤ በየገጹ ይደጋገማሉ። ስለ፣ እንደ፣ እየ፣ ያል፣ አቸው፣ ዋል፣ ችሁ። ሃያ ያህሉን ዓይኑ እንዳየ ካወቃቸው ንባቡ በግልጽ ይፈጥናል። ለታዳጊ ልጅ ከሁሉ የሚጠቅመው ልምምድ ይሄ ነው ብዬ አምናለሁ፤ በየትምህርት ቤቱ ግን ሲሠራበት ብዙ አይታይም።

ጠብቆና ላልቶ የሚነበበውም ያደናግረዋል። "ገና አልመጣም" እና "የገና በዓል" ሲጻፉ አንድ ናቸው። "አለ" ተናገረም ነው፣ ኖረም ነው። እዚህ ላይ ሲሳሳት "እንዴት ይሄ ይጠፋሃል?" አትበሉት። ፊደሉ ስለማይነግረው ዓረፍተ ነገሩን እስከ መጨረሻ ሄዶ መመለስ እንዳለበት አሳዩት።

በመጨረሻ ተደጋጋሚ ንባብ። አንድ አጭር አንቀጽ ምረጡ። መጀመሪያ እናንተ አንብቡለት፣ ቀጥሎ አብራችሁ አንብቡ፣ ከዚያ ብቻውን ያንብብ። በማግስቱም ያንኑ አንቀጽ አንድ ጊዜ ይድገመው። ጽሑፉ እሱ የሚወደው ይሁን። የፕሪምየር ሊግ ዜና ከሆነ የሚወደው፣ የፕሪምየር ሊግ ዜና ይሁን።

ከ9ኛ ክፍል ጀምሮ ትምህርቱ በእንግሊዝኛ ስለሆነ ለእንግሊዝኛው ሌላ ጊዜ መመደብ አለበት። የፊደሉን ስም ሳይሆን ድምፁን አስተምሩት። "ሲ" የምትባለዋ አንዴ "ክ"፣ አንዴ "ስ" እንደምትሆን፣ መቼ መቼ እንደሆነም በግልጽ ይነገረው። የሳይንስ ቃላትንም እንደ አማርኛው ይፈልቅቅ። "ሎጂ" ጥናት ነው፤ ባዮሎጂ፣ ጂኦሎጂ፣ ሳይኮሎጂ አንድ ጭራ አላቸው። "ቴርሞ" ሙቀት ነው፣ "ሜትር" መለኪያ፤ ቴርሞሜትር ከዚያ ይወጣል። አንዱን ጭራ ያወቀ አሥር ቃል ያውቃል።

አራተኛ፦ ትምህርቱን በጆሮ አስገቡ

ይህ እርምጃ "ማጭበርበር" የሚመስላቸው ወላጆች አሉ። አይደለም። የታሪክ ትምህርት ዓላማ ታሪኩን ማወቅ ነው። ልጁ ታሪኩን ሰምቶ ካወቀ ተምሯል። ወሎ ውስጥ ይህን ማስረዳት ከባድ መሆን የለበትም፤ መንዙማውም ቅኔውም በቃል የሚያዝ እውቀት ነው።

ቀላሉ መንገድ ታላቅ ወንድም ወይም እህት መጽሐፉን እያነበቡ በስልክ መቅዳት ነው። አንድ ምዕራፍ በአንድ ጊዜ አይቀዳ። በርዕስ በርዕሱ ይከፋፈል፤ እያንዳንዱ ከአሥር ደቂቃ አይብለጥ። የትምህርቱንና የገጹን ቁጥር መጀመሪያ ላይ ይናገሩ፤ ኋላ ለመፈለግ ይመቻል። ቴሌግራም ላይ ራሱ ወደ ራሱ ልኮ ማስቀመጥ ይችላል። ስልኩ ላይ የተቀዳውን መብራትም ኔትወርክም ሳይኖር ሊሰማው ስለሚችል አስተማማኙ መንገድ ይሄ ነው። ሲሰማ መጽሐፉን ገልጦ በጣቱ ይከተል፤ ጆሮው እየተማረ ዓይኑም ይለማመዳል።

ኮምፒውተር ወይም ደህና ስልክ ካለ ማይክሮሶፍት ኤጅ የሚባለው የኢንተርኔት ማሰሻ ጽሑፍ ጮክ ብሎ ያነባል፤ አማርኛም እንግሊዝኛም ይችላል። መጽሐፉ በፒዲኤፍ ከተገኘ እዚያ ላይ ክፈቱት። ገጹ ፎቶ የተነሳ ከሆነ ግን አያነበውም፤ ፊደሉን በጣት መምረጥ ከተቻለ ያነባል ማለት ነው። ለመጻፍ ደግሞ የጉግል ኪቦርድ ላይ ማይክራፎኑን ተጭኖ በአማርኛ መናገር ይቻላል፤ ወደ ጽሑፍ ይቀይረዋል። ልጁ ድርሰቱን በመጀመሪያ ይናገረው፤ ከዚያ እያረመ ደብተሩ ላይ ይገልብጠው።

ስልክ ክፍል ውስጥ ስለማይፈቀድ ማስታወሻውን በሌላ መንገድ ማግኘት አለበት። ጽሑፉ የሚነበብ አንድ ጓደኛ ይምረጥ፤ ከትምህርት መልስ ደብተሩን ፎቶ ያንሳ ወይም ኮፒ ያድርግ። ክፍል ውስጥ ከመገልበጥ ይልቅ ያዳምጥ።

አምስተኛ፦ ትምህርት ቤቱን አነጋግሩ

ዓመቱ ሲጀመር ሂዱ፤ ውጤት ሲሰጥ አይደለም። መጀመሪያ የክፍል ኃላፊ መምህሩን አግኙ። ቤት ውስጥ የሞከራችሁትን፣ ልጁ ሲያነብና ሲሰማ ያለውን ልዩነት በአንድ ገጽ ጽፋችሁ ያዙ። የምትጠይቁት ጥቂትና የሚቻል ይሁን። እንዲህ ያለ ንግግር ብዙ ርቀት ይወስዳል፦

"መምህር፣ እንደምን ዋሉ? ልጄ ሰንፎ አይደለም። የሰማውን ይይዛል፤ ማንበቡ ነው የሚያዘገየው። ይኸው ጽፌዋለሁ። ሳይዘጋጅ ክፍል ፊት እንዳያስነብቡት ልለምንዎት ነው። በቃል ግን ይጠይቁት፤ ይመልስልዎታል።"

"እትዬ፣ ክፍሉ ሞልቶ ለአንድ ልጅ ብቻ እንዴት ላድርግ?"

"ልክ ነዎት፣ አውቃለሁ። የሚያነበውን አንቀጽ ከአንድ ቀን በፊት ከነገሩት ቤት ተለማምዶት ይመጣል። እርስዎን ሥራ አያበዛብዎትም።"

ከዚህ በተጨማሪ ፊት ወንበር እንዲቀመጥ፣ በታሪክና በባዮሎጂ ፈተና በፊደል ግድፈት ነጥብ እንዳይቀነስበት፣ በክፍል ፈተና ተጨማሪ ጊዜ እንዲሰጠው ጠይቁ። ሀ፣ ሐ እና ኀ፣ ሰ እና ሠ፣ ጸ እና ፀ ለጆሮ አንድ ናቸው፤ በዚህ ልጁን መቅጣት ምንም አያስተምረውም። መምህሩ ብቻውን ካልቻለ ወደ ርዕሰ መምህሩ፣ ወደ ልዩ ፍላጎት መምህሩ፣ ካስፈለገም ወደ ወላጅ፣ ተማሪና መምህር ኅብረቱ (ወተመህ) ሂዱ። ኢትዮጵያ የአካል ጉዳተኞች መብት ስምምነትን በ2002 አጽድቃለች፤ አንቀጽ 24 የትምህርት ድጋፍን ይመለከታል። በደብዳቤ ስትጠይቁ ይህን ጥቀሱ።

ክፍል መድገም እንደ መፍትሔ ሲቀርብላችሁ "ምን ይቀየራል?" ብላችሁ ጠይቁ። ያው አስተማመር ለሁለተኛ ዓመት ቢደገም ለውጥ አያመጣም። ልጁ ግን ጓደኞቹን ያጣል።

ስድስተኛ፦ ለሚኒስትሪና ለማትሪክ ቀድማችሁ ተዘጋጁ

ተጨማሪ ጊዜ ወይም አንባቢ ለመጠየቅ ካሰባችሁ ጥያቄው በጽሑፍ፣ በትምህርት ቤቱ በኩል፣ ከምዝገባው በፊት ይግባ። ፈተናው ሲቀርብ የሚሰማችሁ የለም። መልሱ እስኪመጣ ግን ልጁ ያለ ድጋፍ እንደሚፈተን ቆጥራችሁ አለማምዱት።

የምርጫ ጥያቄ ላይ ይህን ይልመድ፦ ጥያቄውን ብቻ ያንብብ፣ ምርጫዎቹን በእጁ ይሸፍን፣ መልሱን በራሱ ቃል ለራሱ ይናገር፣ ከዚያ ሸፍኖት የነበረውን ገልጦ የሚቀርበውን ይፈልግ። "አይደለም" የሚል ወይም "በስተቀር" የሚል ቃል ካለ ያክብበት፤ ዲስሌክሲያ ያለበት ተማሪ ነጥብ ከሚጥልባቸው ቦታዎች አንዱ ይሄ ነው። የመልስ ወረቀቱ ላይ ሲያጠቁር መስመር ዘሎ ሁሉንም ሊያበላሽ ይችላል። ሌላ ወረቀት ከመስመሩ ሥር አስደግፎ ወደ ታች እየገፋ ይሂድ፤ በየአሥር ጥያቄው ቁጥሩን ያመሳክር። ረጅም ምንባብ ሲመጣ ጥያቄዎቹን ቀድሞ ያንብብ።

የ12ኛ ክፍል ፈተና አሁን በአብዛኛው በዩኒቨርሲቲ ግቢ ነው የሚሰጠው። ከቤት ርቆ፣ በማያውቀው አዳራሽ መፈተን ለዚህ ልጅ ተጨማሪ ጭንቀት ነው። ደሴም ኮምቦልቻም የወሎ ዩኒቨርሲቲ ግቢ ስላለ፣ ከተቻለ ቀደም ብሎ ግቢ ምን እንደሚመስል ይይ። ቤት ውስጥም በሙሉ ሰዓት፣ ስልክ ተዘግቶ የድሮ ፈተናዎችን ይሥራ።

ሰባተኛ፦ ከትምህርት ቤት በኋላ

"ማንበብ ስለማይችል ሙያ ይማር" የሚለውን አባባል አልቀበለውም። ሙያ የሚመረጠው እጁና ልቡ ወደዚያ ሲሄድ ነው። ሕግ ወይም ሕክምና የሚፈልግ ልጅ በጆሮው እየተማረ እዚያ ሊደርስ ይችላል፤ ረጅም መንገድ መሆኑን ግን አውቆ ይግባበት።

ልቡ ማሽን ወይም ኤሌክትሪክ ላይ ከሆነ ደግሞ ኮምቦልቻ ላይ ፋብሪካዎቹና የኢንዱስትሪ ፓርኩ አሉ፤ ቴክኒክና ሙያ ኮሌጅ በሁለቱም ከተማ አለ። እዚያም ቢሆን ንባብ አይቀርም። ሲኦሲ የሚባለው የሙያ ብቃት ምዘና የጽሑፍም የተግባርም ክፍል አለው። በተግባር የሚያበራው ልጅ በጽሑፉ እንዳይወድቅ የሙያውን ቃላት ከመጀመሪያው ሳምንት ጀምሮ ይዝለቃቸው፦ የመሣሪያውን ስም በወረቀት ጽፎ መሣሪያው ላይ ይለጥፍ፣ ባነሳው ቁጥር ጮክ ብሎ ያንብበው። የደህንነት ማስጠንቀቂያዎችን አሠልጣኙ አንብቦለት በስልክ ይቅዳቸው። የመንጃ ፈቃድ የንድፈ ሐሳብ ፈተናም በዚሁ መንገድ ይዘጋጃል።

ሥራ ሲጀምር ለቅርብ አለቃው በአጭሩ መናገር ይጠቅመዋል። "በጽሑፍ የሚሰጠኝን ቀስ ብዬ ነው የማነበው፤ በቃል ከነገሩኝ አልረሳም" ቢል ይበቃል። ይህን ዓረፍተ ነገር ከ16 ዓመቱ ጀምሮ መናገር ይለማመድ፤ መጀመሪያ ለሚቀርበው መምህር፣ ከዚያ ለአስጠኚው፣ ከዚያ ለማያውቀው ሰው።